«መግፋት ብቻ» ለተባለው
ስለ አሜሪካዊቷ ሯጭ ሎሪን ዊሊያምስ የጻፉት ጸሐፊ፣ ከመሮጫ ሜዳ ወደ ቦብስሌድ (በበረዶ ቦይ ውስጥ በመንሸራተቻ ቁልቁል የሚደረግ የፍጥነት ውድድር) በቀላሉ የተሻገረችው «ሥራው መግፋት ብቻ ስለሆነ» ነው ማለታቸው አልተዋጠልኝም። ባዶውን ከ160 ኪሎ ግራም በላይ የሚመዝን መንሸራተቻ በበረዶ ላይ 50 ሜትር ያህል እየገፉ መሮጥ፣ ከዚያም ሳይደናቀፉ ዘሎ መግባት ቀላል ነው እንዴ? ሴትዮዋ እኮ በአቴንስ 2004 በ100 ሜትር ብር፣ በለንደን 2012 በዱላ ቅብብል ወርቅ ያገኘች ናት (ለንደን ላይ የሮጠችው ማጣሪያውን ነበር፤ ቢሆንም ወርቅ ወርቅ ነው)። በሶቺ 2014 ከአሽከርካሪዋ ኢላና ማየርስ ጋር በመጀመሪያው ቀን እየመሩ አድረው፣ በማግስቱ በካናዳውያኑ በ0.10 ሰከንድ ተበለጡ። እስካሁን የሚቆጨኝ ይኸው ነው፤ በበጋም በክረምትም ኦሊምፒክ ወርቅ ያጠለቀች የመጀመሪያዋ ሴት ትሆን ነበር።