በኋላ እግሩ የሚገፋውን መኪና በከንቱ አታጣጥሉብን

ሰሞኑን በኤፍኤም ሬዲዮ የመኪና ፕሮግራም ላይ የቀረበ አንድ እንግዳ አሮጌ መኪና ለሚገዛ ሰው የሰጠውን ምክር ሰማሁ፤ ንዴቱ እስካሁን አልለቀቀኝም። ምክሩ ባጭሩ ይህ ነበር፦ አቅም ያለው ባለ ሁለት ዲፈረንሻል፣ ማለት ሞተሩ አራቱንም ጎማ የሚያዞርለትን፣ ይግዛ፤ አቅም የሌለው በፊት እግሩ የሚጎትት፣ ማለት ሞተሩ የፊት ጎማዎቹን ብቻ የሚያዞርለትን፣ ይፈልግ፤ በኋላ እግሩ የሚገፋ መኪና ግን ዘመኑ ስላለፈበት ባይነካው ይሻላል። ምክንያት ብሎ የደረደራቸው ሦስት ናቸው፤ ክረምት ላይ ጭቃ አይወጣም፣ ነዳጅ ይበላል፣ መለዋወጫ አይገኝለትም። አዘጋጁም አንድ ጥያቄ ሳያነሳ አመስግኖ ሸኘው።

የሻይ ቤት ወሬ ቢሆን ኖሮ ሰምቼ አልፈው ነበር። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የኤክሳይስ ታክስ አዋጅ ያገለገለ መኪናን ከብዙው ሰው ኪስ አራቀ። በ2016 ዓ.ም. ደግሞ በነዳጅ የሚሠራ የቤት መኪና ጭራሽ እንዳይገባ ተከለከለ። የኤሌክትሪክ መኪና መግዣ ለሌለው የባሕር ዳር ሰው የቀረለት ቀድሞ አገር ውስጥ የገባው አሮጌ መኪና ነው። ከዚህም ውስጥ ዲኤክሱ (አሮጌው ቶዮታ ኮሮላ)፣ ላዳው፣ ፔጆ 404 እና 504፣ ቮልሱ፣ ሁሉም በኋላ እግራቸው የሚገፉ ናቸው። የሰው ሀብት ነው። ይህን ምክር ሰምተው መኪናቸውን ለደላላ ለመስጠት ያሰቡ ሰዎች እዚሁ ከተማችን ውስጥ አሉ፤ አነጋግሬያቸዋለሁ። ስለዚህ ዝም አልልም።

ከጭቃው ልጀምር፤ ከክሶቹ ሁሉ ደካማው እሱ ነውና። በኋላ እግሩ የሚሄድ ሁሉ ጭቃ የማይወጣ ከሆነ ቮልስን ምን ልንለው ነው? የቮልስ ሞተርም ማርሽ የሚቀየርበት ካምቢዮም ከኋላ፣ ልክ በሚገፉት ጎማዎች ላይ የተጫነ ነው። ሆዱ ከሥር ልሙጥ ነው፤ የሚያንጠለጥለው ነገር የለም። ጎማው ቀጭን ስለሆነ ጭቃውን ሰንጥቆ ከሥር ያለውን ጠንካራ መሬት ይፈልጋል። ሐምሌ ላይ ከአስፋልት ወጣ ባለ ሰፈር የሚኖር የባሕር ዳር ሰው ሁሉ ይህን በዓይኑ አይቶታል። ስለ መኪና ሊያስተምር ማይክሮፎን ፊት የተቀመጠ ሰው ቮልስን መርሳት አይገባውም ነበር።

ሞተራቸው ከፊት ሆኖ ከኋላ የሚገፉትስ? መኪና ዳገት ሲይዝ ክብደቱ ወደ ኋላ ይሄዳል። ከኋላ ሰው ሲቀመጥ፣ ሻንጣ ቤቱ ውስጥ እህል ሲጫን ደግሞ የኋላ ጎማው ይበልጥ መሬት ይይዛል። በፊት እግሩ የሚጎትተው በዚያው ሰዓት ፊቱ ይቀልለታል፣ ጎማው ያለ ሥራ መሽከርከር ይጀምራል። ባዶውን፣ ሹፌር ብቻ ይዞ፣ ሜዳ ላይ ከሆነ የፊት ጎታቹ ይሻላል፤ ይህን አልክድም፤ የሞተሩ ክብደት በሚጎትቱት ጎማዎች ላይ ነው ያለው። ነገር ግን በእኛ አገር መኪና ባዶውን የሚሄደው መቼ ነው? ከመርዓዊ ወይም ከሐሙሲት ገበያ የሚመለስ ዲኤክስ ስንት ሰውና ስንት ኩንታል ይዞ እንደሚመለስ የማያውቅ ሰው ስለ እኛ መንገድ ባይናገር ይመረጣል።

ጭቃውን ግን እዚህ ላይ ልተወው። የሚያንገበግበኝ እንግዳው አንድ ቃል ያልተነፈሰበት ጉዳይ ነው፤ ጥገና። አሮጌ መኪና የሚገዛ ሰው የሚከፍለው ለሻጩ ብቻ አይደለም፤ ለሚቀጥሉት ዓመታት ለመካኒኩም ይከፍላል። ታዲያ የትኛው መኪና ነው በእኛ ጋራዥ፣ በእኛ መሣሪያ፣ በእኛ እጅ የሚጠገነው?

በኋላ እግሩ የሚገፋው መኪና ብልቶቹ ተለያይተው የተቀመጡ ናቸው። ከፊት ሞተሩ፣ ከሱ ቀጥሎ ሞተሩን ከካምቢዮው የሚያገናኘውና የሚለያየው ፍሪሲዮንና ራሱ ካምቢዮው፣ ከዚያ ከወለሉ ሥር የሚያልፈው ረጅሙ ዘንግ፣ መጨረሻ ላይ ኃይሉን ለሁለቱ የኋላ ጎማዎች የሚያከፋፍለው ዲፈረንሻሉ። አንዱ ሲታመም የታመመው ብቻ ይወርዳል፤ ሌላው ባለበት ይቆያል። እዚሁ ባሕር ዳር አንድ ጋራዥ ውስጥ የዲኤክስ ክሮስ ጆይንት፣ ማለት የረጅሙ ዘንግ መስቀል መሳይ መጋጠሚያ፣ ሲቀየር ቆሜ ተመልክቻለሁ። መካኒኩ መጀመሪያ የመኪናውን ቂጥ በክሪክ ከፍ አደረገና ደገፍ አስገባበት፤ ለምን ሲባል፣ ዘንጉ ከካምቢዮው ሲመዘዝ ዘይቱ በጭራው በኩል እንዳይፈስ። ከዚያ ዘንጉ ከዲፈረንሻሉ ጋር በሚገጥምበት ቦታ ላይ በጠመኔ መስመር አሰመረ፤ ሲመለስ በነበረበት አቅጣጫ ካልገባ መኪናው ፍጥነት ላይ ይንቀጠቀጣል። አራት ብሎን ፈታ፣ ዘንጉን ወደ ኋላ ስቦ አወጣው። ያረጀውን ክሮስ ቀለበቶቹን አንስቶ በመዶሻ ገፋው፤ መርፌ ኩሽኔታዎቹ ደርቀው ዱቄት የመሰለ ቀይ ዝገት ሆነው ወረዱ። አዲሱን ግሪስ ቀብቶ ገጠመው፤ ጠመኔውን ከጠመኔው አስተያይቶ አሰረው። ሥራው ያለቀው ባለቤቱ ያዘዘውን ቡና ጠጥቶ ሳይጨርስ ነው። ኮምፒውተር አልተጠራም፣ ከአዲስ አበባ የሚመጣ ዕቃ አልተጠበቀም።

አሁን በፊት እግሩ የሚጎትተውን እንይ። ሞተሩ በአግድም ይተኛል፤ ካምቢዮውና ዲፈረንሻሉ በአንድ ቤት ውስጥ ተጣብቀው ከጎኑ ይቀመጣሉ፤ ከሱ ወደ ግራና ቀኝ ሁለት አጫጭር ዘንጎች ይወጣሉ። ፍሪሲዮን ሲያልቅ ምን ይሆናል? የፊት ጎማዎቹ ይወልቃሉ፣ የእግሩ መጋጠሚያ ይፈታል፣ ሁለቱም ዘንጎች ይመዘዛሉ፣ የካምቢዮው ዘይት ይፈሳል፣ ሞተሩ በሰንሰለት ተንጠልጥሎ መቀመጫው ይፈታል፣ ከዚያ በኋላ ነው ካምቢዮው የሚላቀቀው። በዚህ ሁሉ መሀል ጎማ የሆነው ነገር ይቀደዳል፤ አሮጌ መኪና ነውና ያልታሰበው ብሎን ይበጠሳል። ፍሪሲዮን ለማስቀየር የገባ መኪና የእግር ሥራ ጨምሮ ይወጣል። መኪናው ባረጀ ቁጥር ደግሞ የሚበጠሰው ብሎንና የሚፈርሰው ጎሚኒ፣ ማለት የላስቲክ ድጋፍ፣ ይበዛል።

በአጫጭሮቹ ዘንጎች ጫፍ ላይ ሲቪ ጆይንቱም አለ። መሪ እየዞረ ኃይል የሚያስተላልፍ፣ በኳስና በቦይ የሚሠራ፣ በጣም የረቀቀ ዕቃ ነው። ዕድሜው የሚወሰነው በለበሳት የጎማ ሽፋን ነው። ሽፋኗ ተቀድዳ ግሪሱ ከወጣ፣ የክረምቱ አሸዋና ውኃ ገብቶ ኳሱን ይፈጨዋል። እኛ ጠጠር ላይ ነው የምንኖረው። ባለቤቱ ከሥር ጎንበስ ብሎ የማያይ ከሆነ፣ አብዛኛውም አያይም፣ የሚነቃው ድምፅ ሲሰማ ነው፤ ያኔ ደግሞ አልቋል። ኦሪጅናሉ ለዕድሜ ጠገብ ሞዴል በቀላሉ አይገኝም፤ ከገበያ የሚገኘው ቅጂ እስኪገጠም ብቻ አዲስ የሚመስል ነው።

ለመሆኑ ፋብሪካዎቹ ወደ ፊት ጎታች የዞሩት ለማን ብለው ነው? ሚኒ በ1959 እ.ኤ.አ. ሞተሩን አጋድሞ ሲመጣ ትንሽ መኪና ውስጥ ለሰው ቦታ ለማስፋት ነበር። ቶዮታም ከ1983 እ.ኤ.አ. ጀምሮ የኮሮላን የቤት መኪና ወደ ፊት ጎታች ቀየረው፤ ስፖርቱን ግን ለተወሰኑ ዓመታት በኋላ እግሩ እንዲገፋ ተወው። ቦታው ሰፋ፣ ክብደቱ ቀለለ፣ መገጣጠሙ ለፋብሪካው ተመቸ። ሁሉም እውነት ነው፣ ሁሉም ለአዲስ መኪና ገዢና ለአምራቹ የሚጠቅም ነው። ከዓመታት በኋላ የጋራዥ ጉድጓድ ውስጥ ቆሞ ያንን መኪና ለሚፈታው ልጅ የታሰበ አንድም ነገር አላየሁበትም።

ባለ ሁለት ዲፈረንሻሉን በተመለከተ ብዙ አልልም። ከ1960 እስከ 1984 እ.ኤ.አ. የተመረተው ላንድክሩዘር 40 እና አሮጌዎቹ ላንድሮቨሮች ጠንካራ መሆናቸውን ማንም አይክድም፤ ገጠር ለገጠር ለሚሠራ ሰው ይገባሉ። ለከተማ ቤተሰብ ግን ሁለት ዲፈረንሻል፣ ሁለት ረጅም ዘንግ፣ በመሀል ደግሞ ኃይል ማከፋፈያ ካምቢዮ፣ ፊት ላይ ጎማው የሚዞርበት ዘይት የሚያፈስ መጋጠሚያ፣ ይህ ሁሉ የሚጠገን ዕቃ ነው። የነዚህ መኪኖች የፊቱና የኋላው እግር ሲያያዝ በመሀል የሚያስማማ ዲፈረንሻል የላቸውም፤ ደረቅ አስፋልት ላይ የፊቱን አስገብቶ የሚነዳ ሰው እየዞረ በሄደ ቁጥር ዘንግና ጥርስ እየጠመዘዘ ነው። በዓመት አንዴ እንኳ የማያስገባው ደግሞ የፊቱ ደርቆ ይጠብቀዋል። የፎገራ ሜዳ ጥቁር መረሬ በነሐሴ ሲረጥብም አራት ጎማ ማዞር ብቻውን አያወጣም፤ የጎማው ጥርስ ጭቃ ሞልቶ ልሙጥ ከሆነ በኋላ በአራቱም ትሰምጣለህ። እዚያ የሚያወጣህ የጎማ ዓይነትና የሆድ ከፍታ ነው።

ነዳጁስ? በኋላ እግሩ የሚገፋው መኪና ኃይሉን ዲፈረንሻሉ ጋ ዘጠና ዲግሪ ስለሚያዞረው ጥቂት ያባክናል፤ ዘንጉም ክብደት ነው። ነገር ግን ባለ ሁለት ዲፈረንሻልን በመጀመሪያ ደረጃ የመከረ ሰው በምን አፉ ነው ወዲያው ዞሮ ስለ ነዳጅ የሚወቅሰን? ነዳጅ የሚበላው ያልተስተካከለ ካርቦራተር፣ የሚይዝ ፍሬንና ንፋስ ያነሰው ጎማ ነው። የዲኤክስ ሞተር 1,300 ሲሲ እንኳ አይሞላም፤ 1,290 ነው። በደንብ የተያዘ ዲኤክስ ከተጎሳቆለ ፊት ጎታች ያነሰ ነዳጅ እንደሚጠጣ በነዳጅ ሰልፍ ላይ የቆመ ሁሉ ይነግራችኋል።

የእንግዳው ምክር ከሁሉ የከፋው ደግሞ መኪናውን ከሥር አይቶ ስለመግዛት ምንም አለማለቱ ነው። ደላላ የሚያሳያችሁ ቀለም ነው። የኋላ ገፊ የሚገዛ ሰው ሞተሩ ጠፍቶ፣ ጎማው ተደግፎ፣ ከሥር ገብቶ ዘንጉን በእጁ ያወዛውዘው፤ ክሮሱ ላይ ክፍተት ካለ በእጅ ይታወቃል። ከአንደኛ ማርሽ ወደ ኋላ ማርሽ ሲቀየር ‘ጓ’ የሚል ድምፅ ካለ ክሮሱ ወይም የዲፈረንሻሉ ጥርስ ልቅ ነው። ነዳጅ ሲሰጡት የሚያለቅስ፣ ሲለቁት ድምፁን የሚቀይር ዲፈረንሻል ጥርሱ ተበልቷል፤ ዋጋ አስቀንሱበት፣ ወይም ተዉት። የኋላ ፍሬን ከበሮ ውስጥ ዘይት ካለ ጎማ ዘይት ማቆሚያው አልቋል፤ ቀላል ሥራ ነው። ፊት ጎታች የሚገዛ ደግሞ ሰፊ ሜዳ ላይ መሪውን እስከመጨረሻ አዙሮ ቀስ ብሎ ይንዳው፤ ‘ቀጭ ቀጭ’ ካለ የውጪው ሲቪ ጆይንት ሞቷል። ሻጩ ይህን እንዳታደርጉ ከከለከለ መልሱን ሰጥቷችኋል።

አሁን ወደ መለዋወጫው። አይገኝም የተባለው ክሮስ ጆይንት በልኬት የሚገዛ ነው፤ የሌላ መኪና ተስማሚ ይገኛል። የዲፈረንሻሉ ኩሽኔታ ጀርባው ላይ ቁጥሩ ተጽፏል፤ ቁጥሩን ይዞ ኩሽኔታ መሸጫ መሄድ ነው። ዘይት ማቆሚያው በሚሊ ሜትር ይለካል። ዘንጉ ቢጣመም፣ ጫፉ ቢበላ፣ ብረት የሚቀርጽ ቶርኖ ቤት አለ። የፔጆ 404 ዲፈረንሻል ብቻ ለየት ይላል፤ እሱ በጠመዝማዛ ጥርስና ጥርስ ባለው የነሐስ መዘውር የሚሠራ ስለሆነ እጁ ያልለመደ መካኒክ ባይነካው ይሻላል። ትልቁና ትንሹ የዲፈረንሻል ጥርስ እርግጥ አዲስ አይገኝም፤ ከተፈታ መኪና ላይ ጥንዱ ሳይለያይ ይገዛል። የፊት ጎታቹ ካምቢዮ ቤት ቢሰነጠቅ የምትገዙት ሙሉውን ካምቢዮ ከነዲፈረንሻሉ ነው። የትኛው ነው ታዲያ መለዋወጫ ያጣው?

ዲኤክሱን ለደላላ ሊሰጥ የተነሳ ሰው ቢያንስ መጀመሪያ የዲፈረንሻሉን ዘይት ያስፈትሽ። ብዙዎቹ ስንት ዓመት አንድ ዘይት ይዘው ነው የሚሄዱት። ለዲፈረንሻሉ ጂኤል 5 የተባለው ደረጃ፣ ለካምቢዮው ደግሞ ጂኤል 4 ይሁን፤ ጂኤል 5 ለአሮጌ ካምቢዮ የነሐስ ቀለበቶች ጠንቅ ሊሆን ስለሚችል አንዱን ለሁለቱም አይቅዱ። ክሮሱን ያስቀይሩ፣ የካምቢዮውን ጎሚኒ ይዩ። ከዚህ በኋላ ነድተው ካልጣማቸው ይሽጡት። የሬዲዮ ፕሮግራሙም ይህን ምክር ሳያርም ማለፍ የለበትም፤ በሚቀጥለው ሰዓቱ ከጉድጓድ ውስጥ ከሥር ሆኖ የሚሠራ መካኒክ ይጋብዝ፣ ያንኑ እንግዳም ፊት ለፊቱ ያስቀምጥ።