«ባንዳ» ለማለት አትቸኩሉ

ወገኖቼ፣ ዛሬ ደስ የማይል ነገር ልናገር ነው፤ ቻሉኝ። አንድ ተዋናይ ወይም ዘፋኝ መንግሥትን ሲቃወም «ባንዳ» ለማለት የሚቀድማችሁ የለም። እስቲ የጀርመናዊቷን ተዋናይትና ዘፋኝ የማርሌነ ዲትሪኽን ነገር ስሙ። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።)

በ1901 በርሊን ውስጥ ተወለደች። በ1920ዎቹ በከተማዋ ቲያትር ቤቶች ስትሠራ ቆይታ፣ በ1930 «ሰማያዊው መልአክ» የተባለው ፊልም ስሟን አስጠራው። ፊልሙ በተመረቀበት ምሽት ወደ አሜሪካ ጉዞ ጀመረች። ናዚዎች ሥልጣን ሲይዙ ተመለሺልን ብለው ለመኗት፤ አሻፈረኝ አለች። በ1939 የአሜሪካ ዜግነት ወሰደች። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲፋፋም የአሜሪካን የወታደር ልብስ ለብሳ፣ ጣሊያንና ፈረንሳይ ግንባር ድረስ እየሄደች ለወታደሮች ዘፈነች።

እናቷ ግን በርሊን ነበሩ። ልጃቸው የምትዘፍንለት ወገን አውሮፕላኖች ቦምብ የሚጥሉት እሳቸው ባሉበት ከተማ ላይ ነው። ከሃዲ ናት ብላችሁ ከመፍረዳችሁ በፊት፣ የራሳችሁን እናት እዚያ አስቀምጣችሁ አስቡት።

ቤቱ የፈረሰበት በርሊናዊ ቢቀየማት አልፈርድበትም። ሐዘኑ የእውነት ነው። የኔ ጠብ ከሌላው ጋር ነው።

በ1960 ለሙዚቃ ዝግጅት ወደ ጀርመን ተመለሰች። የምዕራብ በርሊን ከንቲባ ቪሊ ብራንት በክብር ተቀበላት። ቲያትር ቤቱ ደጃፍ ግን «ማርሌነ፣ ወደ ቤትሽ ሂጂ» የሚል ጽሑፍ የያዙ ቆመው ነበር። የቱ ቤቷ? ተወልዳ ያደገችው እዚያው በርሊን ነው እኮ! ዱሰልዶርፍ ላይ ደግሞ አንዲት የ18 ዓመት ልጅ ተጠግታ ፊቷ ላይ ተፋችባት።

የልጅቷን ዕድሜ አስሉት። ጦርነቱ ሲያልቅ ገና ሕፃን ነበረች። ስለ ዲትሪኽ ምን ታውቃለች? ቤት ውስጥ ሲወራ የሰማችውን ነዋ!

በርሊን ማርሌነን የክብር ዜጋ ያደረገቻት በ2002 ነው። ሴትየዋ ከሞተች 10 ዓመት አልፏት ነበር፤ ምን ይጠቅማታል?

እናንተስ? እራት ቀርቦ፣ ልጆቻችሁ አጠገባችሁ ተቀምጠው፣ ስልካችሁ ላይ ያያችሁትን አርቲስት «ይሄ ባንዳ!» እያላችሁ ዘር ማንዘሩን ትሰድባላችሁ። ተዉ! የተናገረው ስህተት ከሆነ ስህተቱ የቱ ጋ እንደሆነ ንገሩት። እናቱን ግን ተዉለት። ልጆቹም ሲሰሟችሁ፣ ሰውየው ምን እንዳለ እንኳ ሳትነግሯቸው ስድቡን ብቻ አታስጠኗቸው።