ነፃ ፕሮዲዩሰር

ትናንት ማታ እራት ላይ ስልኬ ጮኸ። አብሮ አደጌ ነው፤ ፊልም ፕሮዲዩሰር። «ወንድሜ፣ ሳሎንህን ለሁለት ቀን ብቻ» አለኝ። የጎረስኩት ጉሮሮዬ ላይ ቀረ።

ጠቤ ከ«ብቻ» ጋር ነው። በዚህ ከተማ «ብቻ» ተብሎ በቁጥሩ ያለቀ ነገር አላየሁም። «አምስት ደቂቃ ብቻ» ያለኝ ሰው ካፌ ውስጥ ሁለት ማኪያቶ አስጨርሶኛል። «ሺህ ብር ብቻ» ያለኝ ደግሞ ሲም ካርዱን ቀይሯል።

ልጁ ራሱን «ነፃ ፕሮዲዩሰር» ይላል። አለቃ የለብኝም፣ ድርጅት የለብኝም ማለቱ ነው። እኔ ቃሉ የገባኝ በሌላ መንገድ ነው። ቤት በነፃ፣ መኪና በነፃ፣ የእናቱ ወጥ ለሃያ ሰው በነፃ። እርግጥ ራሱም አልተረፈም። ለመጀመሪያው ፊልም ቪትዙን ሸጠ። ለሁለተኛው የዕቁብ ጓደኞቹን ለምኖ አንደኛውን ዕጣ ወሰደ፤ ፊልሙ ከሲኒማ ቤት ወርዶም ዕቁቡን እየጣለ ነበር። ከትኬቱ ገሚሱ የሲኒማ ቤቱ ነው። ከቀረው ላይ ግብር አለ፣ ፖስተር አለ፣ ያልተከፈለው ካሜራ ማን አለ። አያቴ «ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ» ትል ነበር። ይህን ተረት ስወደው! እሱ ግን ላሟን እኔ ሳሎን ውስጥ ሊያስራት ይፈልጋል።

ስትከራከረው የፊልም ዳይሬክተሩን ኃይሌ ገሪማን ይጠራብሃል። «ጋሽ ኃይሌ ጤዛን ለመጨረስ 14 ዓመት ፈጅቶበታል። ለሳንኮፋ አከፋፋይ ሲያጣ በየከተማው ሲኒማ ቤት ተከራይቶ ራሱ አሳይቷል።» እውነት ነው። ጤዛ እ.ኤ.አ. በ2008 ቬኒስ ላይ ሲሸለም እኔም እንደ ዘመድ ኮርቻለሁ። ግን «ተከራይቶ» የምትለዋን ቃል ልብ በሉልኝ።

እንግዲህ ቂሜን ላውጣው። ከአራት ዓመት በፊት «ለአንድ ቀን ብቻ» ብሎ አምስት ቀን ቀረጸ። መብራት አስጠግተው ሶፋዬን አምስት ሳንቲም በምታክል ቀዳዳ በሱት። እሱን ይቅር ብያለሁ። የምረቃው ቀን ሱፌን ለብሼ፣ ባለቤቴን ይዤ ሄድኩ። ሳሎናችን ስክሪኑን ሞልቶ ብቅ አለ። የእኛው መጋረጃ፣ የእኛው ሶፋ፣ የእኛው ብፌ። አንዲት ነገር አልነኩም። ከኋላችን አንዲት ሴትዮ «ውይ፣ ድህነት!» ብላ ከንፈሯን መጠጠች።

ለካ የድሃ ቤት ሲፈልጉ ኖሯል።

ባለቤቴ ቤት እስክንደርስ አልተነፈሰችም። በሳምንቱ መጋረጃ ተቀየረ፣ ከእኔ ኪስ። ፊልሙ አሁን ዩቲዩብ ላይ ነው። እንግዳ በመጣ ቁጥር ሪሞቱን እሷ ትይዛለች።

ስልኩ? አዎ፣ ስልኩ። «የአሁኑስ የማን ቤት ነው?» አልኩት።

«የባለሀብት» አለ፣ ሳያመነታ።

ባለቤቴ ሰምታ ኖሮ ከወጡ ላይ ቀና አለች። «መቼ ነው የምትመጡት?» ያልኩት እኔ ልሁን እሷ ትዝ አይለኝም።

«ቅዳሜ» አለ። «ሶፋውን ብቻ ታወጡልናላችሁ።»