ኅዳር ላይ ያለቁት ዓሦች

ሲያትል አጠገብ፣ ኢሳኳ በምትባል ከተማ መሃል፣ በ1936 እ.ኤ.አ. የተሠራ የሳልመን ዓሣ ማስፈልፈያ አለ። በየዓመቱ ጥቅምት ሲጠባ ልጆቼን ይዤ እሄዳለሁ። ከውቅያኖስ የተመለሱት ዓሦች ሽቅብ ሲዘሉ እነሱ ይደሰታሉ። እኔ የምቆመው ስለ ውሃው ሙቀት በሚያስረዱት ሰዎች ዘንድ ነው።

እንቁላሉ ከዳበረበት ቀን ጀምሮ የየዕለቱ ሙቀት ይመዘገባል፣ ይደመራል። ቺኑክ የተባለው ሳልመን ድምሩ 500 ገደማ ሲሞላ ይፈለፈላል፤ 10 ዲግሪ ውሃ ውስጥ 50 ቀን ያህል መሆኑ ነው። ውሃው ከቀዘቀዘ ቀኑ ይረዝማል። ጫጩቱ ተፈልፍሎም ቶሎ አይመገብም፤ ሆዱ ላይ ያለውን አስኳል እየጨረሰ ሳምንታት ይቆያል። ከመለቀቁ በፊት ከጀርባው ወደ ጭራው ያለችው ትንሽ ክንፍ ትቆረጣለች፤ ሲመለስ በሰው እጅ ያደገ መሆኑ ይለይባታል። የበጎቻችን ጆሮ ምልክት ትዝ አለኝ። መንዝ ላይ ይህን ለእረኛ ማስተማር አያሻም።

አጎቴ የሚኖረው ደብረ ብርሃን አቅራቢያ ነው፣ 2,800 ሜትር ከፍታ ላይ። አምና ለመንደሩ ኩሬ ተቆፍሮ ቆሮሶ (ቲላፒያ) የተባለው ዓሣ ጫጩት በመኪና መጣለት። ሰዉ ተደስቶ ነበር፤ ልጆቹ ከትምህርት ቤት ሲመለሱ ፍርፋሪ ይወረውሩላቸው ነበር። ኅዳር ላይ ስደውል «ልጄ፣ ውርጩ ጨረሳቸው» አለኝ።

ቆሮሶ የዝዋይና የሐዋሳ ዓሣ ነው። ውሃው ከ16 ዲግሪ ሲወርድ መብላት ይተዋል፣ ወደ 10 ሲጠጋ ይሞታል። በኅዳር ንጋት የከብት ማጠጫው ላይ ስስ በረዶ እንደሚጋግር የመንደሩ ሰው ሁሉ ያውቃል፤ የጠየቀው ግን አልነበረም። በዚህ እቆጫለሁ። ያው መኪና ጣርማበርን ወርዶ ሸዋ ሮቢት ቢደርስ ኖሮ ሙቀቱ በተስማማቸው።

ቅዝቃዜ የሚወድ ዓሣ አገራችን ውስጥም አለ፤ የሳልመን ዘመድ የሆነው ትራውት ከውጭ መጥቶ የባሌን ወንዞች ለምዷል። የደብረ ብርሃን ወንዝ በሆነው በረሳ ውስጥ ይጨመር አልልም፤ ሥጋ በል ነው፣ በረሳም በጀማ ወንዝ በኩል ዓባይ ይገባል። መጀመሪያ ውሃው ይለካ።

ለአጎቴ ቴርሞሜትር ልኬለታለሁ። የልጅ ልጁ በየማለዳው ኩሬው ውስጥ ነክሮ ደብተር ላይ ይጽፋል። የትናንቱ 7 ነበር።