ደም ያልተቀዳለት በሽታ

‹‹ደም ሳይቀዳ፣ ራጅ ሳይነሳ ስም የወጣለት በሽታ በሽታ አይደለም። ጥንቆላ ነው፤ ነጭ ጋዋን የለበሰ ጥንቆላ።››

ይህን ያለው አንድ የፊዚክስ መምህር ነው። ቦታው ድሬዳዋ፣ ከዚራ፣ አንድ የምድር ባቡር ጡረተኛ በረንዳ ላይ ነው። ቅዳሜ ከሰዓት፣ ሙቀቱ ትንሽ ሲበርድ እዚያ እንሰበሰባለን። የሚቅም ይቅማል፣ የማይቅም ሻይ ይጠጣል፣ ክርክሩን ግን ማንም አይቀርበትም። ስም ስለማልጠራ ሰዎቹን በሙያቸው ልጥራቸው።

ነገሩን ያመጣው የጎረቤት ልጅ ጉዳይ ነው። ልጁ የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነው። ሳምንቱን ሙሉ ሳይተኛ ሰነበተ፤ ወሬው አይቆም፣ ደክሞኛል አይል። የአባቱን ባጃጅ ሊሸጥ ደላላ ጠራ። የድሬዳዋን የውኃ ችግር የሚፈታ ዕቅድ አውጥቻለሁ ብሎ ደብተር ሙሉ ቁጥር ይዞ ባለሥልጣን ፍለጋ ወጣ። ሆስፒታል ሲወስዱት ‹ባይፖላር› (ስሜት አንዴ ከልክ በላይ የሚግልበት፣ ሌላ ጊዜ ድባቴ ውስጥ የሚወድቅበት ሕመም) ተባለና መድኃኒት ተሰጠው። እናትየው ግራ ገብቷት የተማረ ሰው ፍለጋ መምህሩ ዘንድ ሄደች። እሱም በሙሉ አፉ ‹‹ምርመራ ሳያደርጉ ነው የነገሩሽ፤ መድኃኒቱን አትቸኩዪበት›› አላት።

እኛ ዘንድ መጥቶ ይህንን እንደ ጀብዱ ሲያወራ፣ የሳይካትሪ ነርስ የሆነችው ወዳጃችን የሻይ ብርጭቆዋን አስቀመጠች። ሲስተር ብርጭቆ ካስቀመጠች ነገር አለ ማለት ነው።

መምህሩ ባዶ እጁን አይከራከርም። የመጀመሪያው ማስረጃው የ1851 ነበር (ዓመቱን ሁሉ በፈረንጅ ነው የሚጠራው፤ እኔም እንዳለ እተወዋለሁ)። ሳሙኤል ካርትራይት የተባለ አሜሪካዊ ሐኪም ከጌቶቻቸው ለሚሸሹ ባሪያዎች ‹ድራፔቶማኒያ› የሚል የበሽታ ስም አወጣላቸው። መሸሽ የሚያሰኝ የአእምሮ ሕመም መሆኑ ነው። ካዘዘው ሕክምና አንዱ ግርፋት ነበር።

ጡረተኛው ጉንጩን እንደሞላ ሳቀ። ‹‹ኧረ አቦ! እንደሱ ከሆነ በኛ ሐዲድ ጅቡቲ የገባው ሁሉ በሽተኛ ነበራ!››

መምህሩ ሳቁን አላስጨረሰም፤ ሶቪየት ገባ። መንግሥትን የተቃወመ ሰው ‹ቀስ ብሎ የሚያድግ ስኪዞፍሬንያ› (ስኪዞፍሬንያ ሰውን ከእውነታ የሚያላቅቅ ከባድ የአእምሮ ሕመም ነው) አለበት እየተባለ ሆስፒታል ይዘጋበት ነበር። ነገሩ ሲጋለጥ የሶቪየት ሐኪሞች ማኅበር ሳይባረር ቀድሞ በ1983 ከዓለም የሳይካትሪ ማኅበር ራሱ ወጣ። ‹‹የስኳር በሽታ እንዲህ ተደርጎ ያውቃል? መንግሥትን የሰደበ ሰው ስኳሩ ከፍ ብሏል ተብሎ ታስሯል?››

ይህ ጥያቄ ጥሩ ነበር። ሲስተርም ዝም አለች።

ዝምታዋ ልቡን አሞቀውና የሮዘንሃንን ነገር አወጣ። ዴቪድ ሮዘንሃን የተባለ የሥነ ልቦና ምሁር በ1973 ያሳተመው ጥናት ነው። ስምንት ጤነኛ ሰዎች፣ እሱን ጨምሮ፣ አሜሪካ ውስጥ 12 ሆስፒታሎች ሄደው ‹‹ድምፅ ይሰማኛል›› አሉ። ሁሉም አልጋ ያዙ። ከገቡ በኋላ ድምፁ ጠፋ ቢሉም፣ ደህና ነን ቢሉም በአማካይ 19 ቀን ተኝተዋል። ‹‹ጤነኛውን ከበሽተኛው መለየት ያልቻለ ሳይንስ ምን ሳይንስ ነው?››

ሲስተር አሁን አፏን ከፈተች። ‹‹መጀመሪያ ነገር፣ አንተ ድንገተኛ ክፍል ገብተህ ደረቴን ወጋኝ ብለህ ብትዋሽ ያስተኙሃል። ዋሽተህ አልጋ ስለያዝክ የልብ በሽታ ውሸት ይሆናል? ሁለተኛ፣ ያ ጥናት ራሱ ተበላሽቷል። በ2019 አንዲት ጋዜጠኛ ሰነዱን ፈትሻ ሮዘንሃን ብዙ ነገር እንዳጣመመ አውጥታለች። ከስምንቱ አብዛኞቹን ፈልጋ እንኳ አላገኘቻቸውም።››

ከዚያ የጋዜጠኛዋን የራሷን ታሪክ ጨመረችልን። እኔ እስካሁን ከአእምሮዬ ያልጠፋው ይሄ ነው። ሱዛና ካሃላን ትባላለች። በ2009፣ ገና 24 ዓመቷ እያለ፣ ኒውዮርክ ውስጥ በድንገት ሰው ይከታተለኛል ማለት ጀመረች፤ ትጮሃለች፣ ያንቀጠቅጣታል። የአእምሮ ሕመም ነው ተባለ፤ መጠጥ ነው ያላት ሐኪምም ነበር። ውድ ውድ ምርመራ ተደርጎ አብዛኛው ‹ደህና ነሽ› ብሎ ተመለሰ። በመጨረሻ አንድ ሐኪም ወረቀትና እርሳስ ሰጥቶ ‹‹ሰዓት ሳዪልኝ›› አላት። ክቡን ሠራች፤ ከአንድ እስከ አሥራ ሁለት ያሉትን ቁጥሮች ግን በሙሉ በስተቀኝ በኩል አጨቀቻቸው። ግራው ባዶ ቀረ። ሐኪሙ የአንጎሏ ቀኝ ክፍል መቆጣቱን የጠረጠረው ከዚያ ነው። ከአንጎሏ ናሙና ተወሰደ፤ የገዛ ሰውነቷ መከላከያ አንጎሏን እያጠቃው ነበር። ታከመች፣ ዳነች፣ ተመልሳ ጋዜጠኛ ሆነች።

መምህሩ ከተቀመጠበት ብድግ ሊል ምንም አልቀረው። ‹‹አየሽ! ለኔ መሰከርሽልኝ! ምርመራ ነው ያወጣት። ዕብድ ናት ያሏት ተሳስተዋል።››

‹‹ተሳስተዋል። ያወጣት ሐኪም ግን የጀመረው በእርሳስ ነው።››

‹‹ይሁን። ግን ምክንያቱ የተገኘለት በሽታ ሁሉ ከእናንተ እጅ ይወጣል። በድሮ ጊዜ የዕብድ ቤቱን ሞልተውት የነበሩት ሽባ የሚሆኑ ዕብዶች፣ በ1913 አንጎላቸው ውስጥ የቂጥኝ ተዋህሲ ሲገኝ ወደ ሌላ ሐኪም ሄዱ። የሚጥል በሽታም ወደ ነርቭ ሐኪም ሄደ። ለእናንተ የሚቀረው ያልታወቀው ብቻ ነው።››

‹‹አዎ። ታዲያ እስከ 1912 ሰዎቹ አልታመሙም ነበር?››

እዚህ ላይ ጡረተኛው ‹‹ጎል!›› ብሎ ጮኸ። እሱ እንደሆነ ማን እንዳገባ አይመርጥም።

ሲስተር ከተነሳች አትቆምም። ቡታጅራን አመጣች። እዚያ ተመራማሪዎች ከ68 ሺህ በላይ ሰው ቤት ለቤት ዞረው ጠይቀዋል፤ ከባድ የአእምሮ ሕመም ያለባቸውን ለይተውም ለዓመታት ተከታትለዋቸዋል። አብዛኞቹ ከዚያ በፊት ለዚህ ሕመም ሕክምና አግኝተው አያውቁም። ስኪዞፍሬንያ ያለባቸው ሰዎች ከአካባቢያቸው ሕዝብ በብዙ ዓመት ቀድመው ነው የሞቱት። ‹‹ስሙን ሐኪም ፈጠረው በል። ሞቱንስ ማን ፈጠረው?››

መምህሩ ለዚህ መልስ አልነበረውም፤ ስለዚህ እንደ ማንኛውም ጎበዝ ተከራካሪ ሜዳውን ቀየረ። የአሜሪካ ሐኪሞች የምርመራ መመሪያቸውን በ2013 አድሰው ከማውጣታቸው በፊት ሞክረውት ነበር፤ አንዱን ታማሚ ሁለት ሐኪሞች ለየብቻ ያዩታል፣ ከዚያ መስማማታቸው ይለካል። ፍጹም ስምምነት 1፣ በአጋጣሚ ከሚገኘው የማይሻለው 0 ነው። ለድባቴ የወጣው ውጤት 0.28 ነበር። ‹‹0.28! ፊዚክስ ላይ እንዲህ ያለ መለኪያ ይዤ ብመጣ ተማሪዎቼ ይስቁብኛል።››

እውነት ለመናገር ሲስተር እዚህ ላይ አልተከላከለችም፤ እኔም ያከበርኳት በዚህ ነው። ‹‹ድባቴ ላይ ልክ ነህ›› አለች። ‹‹ባሏ የሞተባት፣ ሥራ ያጣ፣ እውነትም የታመመ፣ ሁሉም ያንን ስም ይዞ ይወጣል። ጠዋት ወረፋው በር ላይ ይቆማል፣ ለአንዱ የምሰጠው ደቂቃ አይበቃም፣ መዝገቡ ላይ ደግሞ የበሽታ ስም የሚጻፍበት ሳጥን ባዶ መተው አይቻልም። አንዳንዴ የምጽፈው ሳጥኑ ስላለ ነው።›› ባይፖላር ግን እዚያው ሙከራ ላይ 0.56 እንዳገኘ አስታወሰችው። መምህሩ ይህን ቁጥር ዘሎት ነበር፤ ረስቶ ይሁን ሆን ብሎ አላውቅም።

‹‹የልጁን ጉዳይ እኔ አላየሁትም›› አለች ቀጥላ፣ ‹‹ባየውም አልነግርህም። ግን ደም አልተቀዳለትም ያለህ ማነው? እንዲህ ያለ ሰው ሲመጣ የእንቅርት ዕጢውን፣ ታይሮይዱን፣ በደም እናስመረምራለን፤ ታይሮይድ ሲበዛም ሰው እንደዚያ ያደርገዋል። ከዚያ ሁሉ በፊት ደግሞ ‹ትቅማለህ? ስንት?› ብለን ነው የምንጠይቀው።››

ጡረተኛው አጠገቡ ያለውን ዙርባ በቀስታ ወደ ትራሱ ሥር ገፋው። ሁላችንም አየነው፤ ማንም አልተናገረም። ሲስተር በተለይ ለሱ ይመስል፣ ሐርጌሳ ላይ የተሠራ ጥናት ብዙ መቃምን ከከባድ የአእምሮ መታወክ ጋር እንዳያያዘው ነገረችን። ለፈተና ሲቅም የሰነበተ ልጅ ሲመጣ ጫቱ ተቋርጦ ነገሩ ይረግብ እንደሆነ ይታያል፤ ስሙ የሚሰጠው ከዚያ በኋላ ነው።

እስካሁን ያላስተዋወቅኩት አንድ ሰው አለ፤ ጥግ ይዞ ስልኩን ሲነካካ ነበር። የላብራቶሪ ባለሙያ ነው፣ በግል ክሊኒክ ይሠራል። ‹‹መምህር›› አለ፣ ‹‹አንተ ባለፈው ወር ታይፎይድና ታይፈስ ተብለህ አልነበር?››

‹‹ነበርኩ። በደም ምርመራ።››

‹‹እንዴት እንደሚሠራ ልንገርህ።›› የሻዩን ማንኪያ እንደ መስታወት ይዞ አሳየን። ከደሙ የተለየ አንድ ጠብታ፣ በላዩ አንድ ጠብታ ሰማያዊ ወይም ቀይ ፈሳሽ። ታደባልቀዋለህ፣ እያወዛወዝክ ትጠብቃለህ፣ አሸዋ አሸዋ የሚመስል ነገር ከታየህ ‹ፖዘቲቭ› ትላለህ። ከጊዜው ትንሽ ካሳለፍክ ይደርቅና የሌለው ሰው ሁሉ አሸዋ ይሠራል። ዊዳል ይባላል፤ የ1896 ነው። የታይፈሱ ዌይል ፌሊክስ የ1916 ነው፤ እሱማ የሚጠቀመው የታይፈሱን ተዋህሲ አይደለም፤ እሱን በከፊል የሚመስል ሌላ ባክቴሪያ ነው። ከዓመታት በፊት ታይፎይድ የያዘው ሰው፣ ወባ ያለበት ሰው፣ ሰልሞኔላ ከሚባለው የታይፎይድ ተዋህሲ ወገን ሌላው የነካው ሰው ሊወጣበት ይችላል። አስተማማኙ ከደሙ ተዋህሲውን አሳድጎ ራሱን ማየት ነው፤ እሱ ቀናት ይፈልጋል፣ በየክሊኒኩም የለም።

‹‹ታዲያ ለምን ትሠራዋለህ?››

‹‹ኔጌቲቭ ስለው ሰውየው ‹የናንተ ማሽን ጥሩ አይደለም› ብሎ ማዶ ክሊኒክ ይሄዳላ! ማሽን የለም እኮ፤ ዓይኔ ነው። በኛው አቆጣጠር በ2011 ክረምት ቺኩንጉንያ የሚባለው የትንኝ በሽታ ሲገባ፣ ሰፈሩ ሁሉ ጉልበቱን ይዞ ሲያነክስ፣ በመጀመሪያዎቹ ቀናት ስንቱን ታይፎይድ ብዬ እንደሸኘሁት አላህ ይወቀው።››

ከውስጥ ቡና ስትቆላ የነበረችው የጡረተኛው ባለቤት ምጣዱን ይዛ ብቅ ያለችው ያኔ ነው። ጭሱን ሁላችንም ላይ እያዞረች፣ ‹‹እኔ የሚገርመኝ›› አለች፣ ‹‹ልጁን ጂን ይዞት ነው ሲሉ ደም ይቀዳ ያለ አልነበረም። ሐኪም ሲናገር ነው ሁላችሁም ዳኛ የሆናችሁት።››

ከዚያ በኋላ ክርክሩ ወደ ኳስ ሄደ። የቀረው የኔ ፍርድ ነው።

መምህሩ ያነሳው ጥያቄ ትክክል ነው፤ የተሳሳተው ያንኳኳው በር ነው። ሐሰተኛ ሳይንስ የምለው መርፌ የሌለውን አይደለም፤ ቢሳሳት የማይጋለጠውን ነው። በዚህ ሚዛን የኛ የታይፎይድ ወረቀት ከባይፖላር ይብሳል። ቫይረስ ያተኮሰው ሰው ታይፎይድ ይባላል፣ ሲፕሮ የሚባለውን ፀረ ባክቴሪያ ይውጣል፣ ትኩሳቱ በራሱ ጊዜ በሳምንቱ ይለቃል፣ ምስጋናው ለሲፕሮ ይሆናል። መሳሳቱን የሚያውቅበት መንገድ የለም። ባይፖላር የተባለ ልጅ ግን ለዓመታት ይታያል፤ ነገሩ ይመለሳል ወይ ይቀራል፣ ሲመለስም መልኩ ይታወቃል። ስሙ የሚለውጠው ነገርም አለ። አንዱን ሰው በድባቴው ጊዜ ብቻ አይተህ የድባቴ መድኃኒት ብቻውን ብትሰጠው ወደዚያ እንቅልፍ አልባ ሳምንት ልትመልሰው ትችላለህ። ሊትየም የሚባለው የባይፖላር መድኃኒት ከ1949 ጀምሮ ይታወቃል፤ በምን መንገድ እንደሚሠራ እስከ ዛሬ ጥርት ብሎ አልተገኘም፤ ግን ሕመሙ እንዳይመለስ ይከላከላል። እሱን የሚወስድ ሰው ደግሞ ደሙ በየጊዜው ይለካል፣ ከመጠን ካለፈ መርዝ ነውና። ደም ይቀዳ ያለ ሰው ደሙን እዚህ ያገኘዋል።

ሲስተርንም ሙሉ ነጥብ አልሰጣትም። ሶቪየትን ያለፈችው በዝምታ ነው። ሐኪም የሰጠው ስም በባለሥልጣን እጅ ሲገባ ምን እንደሚሆን መልስ ይፈልጋል፤ የመዝገቡ ሳጥን ነገርም ተናግራው የምታልፈው አይደለም፤ ያ ሳጥን ውስጥ የገባ ስም ታማሚውን እስከ ጋብቻና እስከ ሥራ ድረስ ይከተለዋል።

አንድ ነገር ላይ ግን መምህሩን አልምረውም። በረንዳ ላይ ቁጭ ብሎ ካርትራይትን መጥራት መብቱ ነው፤ የሌላ ሰው ልጅ መድኃኒት ላይ ‹አትቸኩዪ› ማለት ግን ክርክር አይደለም። እንዲህ ያለ መድኃኒት በድንገት ሲቋረጥ ሕመሙ በፍጥነት የመመለስ ዕድሉ ይጨምራል። እናትየው ዘንድ ሄዶ ራሱ እንዲያስተካክለው ነገርኩት። ‹‹እሺ፣ ሲስተርን ይዤ እሄዳለሁ›› ብሏል። ሲስተር ደግሞ ቅዳሜ ጠዋት ብቻ ነው የሚመቸኝ ብላለች፤ እሱ ቅዳሜ ጠዋት ማጠናከሪያ ትምህርት አለው። እስካሁን እየተነጋገሩ ነው።