የፈጠራ አገር ካላንደር ከድሬ ቢቀዳ

የእህቴ ልጅ ተወልዶ ያደገው ስቶክሆልም ነው። ከጓደኞቹ ጋር የምናብ አገር እየፈጠሩ የሚጫወቱት ጨዋታ አላቸው። ካርታ ይስላሉ፣ ንጉሥ ያነግሣሉ፣ ሃይማኖትና ገንዘብ ያወጣሉ። ውጭ አገር ይሄ የልጆች ነገር ብቻ አይደለም፣ ትልልቅ ሰዎችም ዓመታቸውን ያፈሱበታል። ዘንድሮ የሱ ድርሻ የዚያን አገር የዘመን አቆጣጠር መሥራት ነበር። አስር ወር አወጣ፣ ወሩ 36 ቀን፣ ሳምንቱ ስድስት ቀን። ሁሉም ወር በአንድ ዓይነት ዕለት ይገባል፣ የሚጎድልም የሚተርፍም ነገር የለም።

ሥራው ንጹህ ነው፣ ግን ሰው የኖረበት አይመስልም። ድሬ ያደገ ሰው አንድ ከተማ በአንድ ካላንደር ብቻ ይተዳደራል ቢሉት አያምንም።

ድሬዳዋ፣ ገንደ ቆሬ ሰፈር፣ እናቴ ቤት ግድግዳ ላይ የተሰቀለውን ካላንደር ልንገራችሁ። ትልቁ ቁጥር የኛ ነው። ጥጉ ላይ በትንሹ የፈረንጁ አለ፣ ከሥሩ የዕለቱ ታቦት ተጽፏል፦ 12 ሚካኤል፣ 19 ገብርኤል፣ 21 ማርያም። እናቴ ቁጥሩን ሳይሆን ታቦቱን ነው የምታነበው። ገንዘብ የተበደራት ሰው «ለማርያም እሰጥሻለሁ» ካላት በቃ፣ ቀን ተቆረጠ። አጥሩን ተሻግራችሁ ጎረቤታችን ሀጂ ቤት ስትገቡ ሌላ ካላንደር አለ፣ የእስልምናው፣ ወሮቹን ሙሐረም፣ ሰፈር እያለ የሚሄድ። ሀጂ ነጋዴ ናቸው። ከጅቡቲ የሚመጣው ዕቃ ወረቀቱ በፈረንጅ ቀን ነው፣ የሱቁ ኪራይ በሐበሻ ወር ይከፈላል፣ ጾምና ዒዳቸው በጨረቃ ነው። ሦስቱንም በጭንቅላታቸው ይዘው ይውላሉ፣ ማንም ደግሞ እንደ ትልቅ ችሎታ አይቆጥርላቸውም። እኔ ግን ትልቅ ችሎታ ነው እላለሁ።

ስዊድን ሌላ ልማድ አለ። ሰው ቀጠሮ ሲይዝ በሳምንት ቁጥር ነው የሚያወራው፣ «ሳምንት 32 ላይ እረፍት ነኝ» ይላችኋል። እያንዳንዱ ቀን የሰው ስምም አለው፣ ያ ስም ያለው ሰው በዕለቱ እንኳን አደረሰህ ይባላል። የኛን ታቦት ሳያስታውሰኝ አይቀርም፣ ግን በዚያ ቀን ብድር የሚቀጣጠር ሰው እስካሁን አላየሁም።

ልጁ «የእውነት ካላንደር እኮ ቀጥ ያለ ነው» ብሎ ሲሞግተኝ የራሱን አገር ታሪክ ነገርኩት። ስዊድን ከድሮው የጁልየስ አቆጣጠር ዛሬ የፈረንጅ ወደምንለው ጎርጎርዮሳዊው ለመሻገር የመረጠችው መንገድ ቀስ በቀስ ነበር፤ በፈረንጅ ከ1700 ጀምሮ 40 ዓመት ሙሉ በየአራት ዓመቱ የሚመጣውን ተጨማሪ ቀን እየዘለሉ ሊደርሱበት አሰቡ። የ1700ውን ዘለሉ። ከዚያ ጦርነት መጣ፣ የ1704ቱና የ1708ቱ ሳይዘለል ቀረ። አገሩ ከድሮውም ከአዲሱም ሳይሆን መሀል ላይ ብቻውን ተንጠለጠለ። መጨረሻ ላይ ወደ ድሮው ለመመለስ በ1712 የካቲታቸውን 30 ቀን አደረጉት። አዎ፣ ፌብሩዋሪ 30 ተኖሮበታል! በ1753 ደግሞ ፌብሩዋሪ 17 አምሽተው ማርች 1 ነቁ። የትኛው የፈጠራ አገር ነው እንዲህ ያለ ጉድ የሚደፍረው?

የሰዓቱ ነገርም አለ። እኛ ሰዓት የምንቆጥረው ከንጋት ነው፣ ፀሐይ ከወጣች አንድ ሰዓት ስትቆይ አንድ ሰዓት ይሆናል። ድሬ ላይ ይሄ ዓመቱን ሙሉ ያስኬዳል፣ ምክንያቱም በረጅሙ ቀንና በአጭሩ ቀን መካከል ያለው ልዩነት ከአንድ ሰዓት ብዙም አይበልጥም። ስቶክሆልም ግን በሰኔ ቀኑ ከ18 ሰዓት በላይ ነው፣ በታህሳስ ስድስት ሰዓት ገደማ። እዚያ ከንጋት ልቁጠር ብትሉ ቀጠሮ የሚባል ነገር አይኖርም። ስለዚህ ልጁን መጀመሪያ የጠየቅኩት «አገርህ የት ነው ያለው? ፀሐይ እንዴት ነው የምትወጣበት?» የሚል ነበር። አላሰበበትም።

ክረምት ላይ ድሬ ይዤው ሄድኩ። ከሰዓት ሙቀቱ ሲከር፣ ሱቁ ሁሉ ሲዘጋ፣ ሀጂ ጋ ተቀምጦ «ረመዳን ለምንድነው የሚዞረው?» ይላቸዋል። «አቦ፣ ጨረቃ አሥራ ሁለቴ ዞራ ስትጨርስ ፀሐይን 11 ቀን ትቀድማታለች» አሉት። በየዓመቱ 11 ቀን እየቀደመ ረመዳን በ33 ዓመት ገደማ ወቅቶቹን ሁሉ ያዳርሳል። እቤት መጥቶ ለእናቴ ሲነግራት እሷ ደግሞ የቄሶቹን ባሕረ ሐሳብ፣ ጾምና በዓል የሚወጣበትን ስሌት፣ አነሳችለት። አበቅቴ የሚሉት የጨረቃና የፀሐይ ልዩነት ቁጥር የሚወጣው በዚያው በ11 እየተባዛ ነው፣ ከ30 ሲያልፍ ይገደፋል፣ መጥቅዕ ከሚሉት ሌላው የበዓል ማውጫ ቁጥር ጋር ሲደመር ሁሌም 30 ነው። አንዱ ጾሙ እንዲዞር ለቀቀው፣ ሌላው ፋሲካን ከወቅቱ እንዳይወጣ አሰረው። ቁጥሩ ግን አንድ ነው፣ ሰማዩ አንድ ስለሆነ። ልጁ ያን ቀን ማታ ደብተሩን ከፍቶ ሁሉንም ሰረዘ።

አሁን የሠራው ሌላ ነው። ከተማው ደረቅ ወንዝ ዳር ነው፣ ድሬን እንደሚያቋርጠው ደቻቱ። ሁለት ሕዝብ ይኖርበታል። አንዱ በጨረቃ ይቆጥራል፣ ሌላው ዓመቱን የሚጀምረው የመጀመሪያው ጎርፍ ሲመጣ ነው። የስድስት ቀኑን ሳምንት ሁለቱም ይጋሩታል፣ ገበያው አንድ ስለሆነ። ዓመቱ መጨረሻ ላይ ከወር የማይቆጠሩ ቀናት አሉ፣ ኪራይም ደመወዝም የማይታሰብባቸው። ይሄ ከጳጉሜ የተወሰደ ነው፣ በወር ደሞዝ የኖረ ሁሉ ያውቀዋል። አሮጊቶቹ ደግሞ ቁጥር ትተው «ከትልቁ ጎርፍ በፊት» እያሉ ነው የሚያወሩት። ድሬ ላይም በኛ አቆጣጠር የ1998ቱ ጎርፍ ያን ያህል ሰው ከበላ በኋላ እንዲህ ሆኖ ቀርቷል።

አንድ ነገር ላይ ግን እንከራከራለን። ጎርፉ ከዘገየ ዓመቱ ይረዝማል፣ ዓመቱ ከረዘመ ተበዳሪ ይጠቀማል፣ አበዳሪ ይጎዳል። ታዲያ «ዓመቱ ገባ» ብሎ የሚያውጀው ማን ይሁን? እሱ ቀራጩ ይሁን ይላል። እኔ ደግሞ ላይኛው ተራራ ላይ የሚኖር ሰው ይሁን ባይ ነኝ፤ ደቻቱ ድሬ ላይ ጠብ ሳይል፣ ደጋው ላይ በጣለው ዝናብ ብቻ ሞልቶ ይመጣልና። ቀራጩ ዓመቱን እንደፈለገው ያሳጥራል አልኩት። «ለዚህ እኮ ነው ቀራጩን የመረጥኩት፣ ጠብ ከሌለ ታሪክ የለም» አለኝ።