የራሳቸውን ችሎት ዘግተው «የባዕድ ችሎት» ይላሉ

«የአዲስ ቅኝ አገዛዝ የጭቆና መሣሪያ።» ማሊ፣ ቡርኪና ፋሶና ኒጀር መስከረም 2025 (ዓመቶቹን ሁሉ የምጠቅሰው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) መቀመጫው ሄግ ከሆነው ከዓለም አቀፉ የወንጀል ፍርድ ቤት መውጣታቸውን በጋራ ሲያውጁ ለፍርድ ቤቱ ያወጡለት ስም ይህ ነው። ከዚያ ወዲህ ሐረጉ ከአፍ ወደ አፍ ይዞራል። ሌላ ጊዜ አንቀጽ ሳይጠቅሱ የማይናገሩ የሕግ ሰዎች ሳይቀሩ እንደ ዳዊት ይደግሙታል። እኔ ግን በሰማሁት ቁጥር ደሜ ይፈላል።

እስቲ ከማሊ እንጀምር። በ2012 የሰሜኑ ግዛት በታጣቂዎች እጅ ወድቆ፣ የቲምቡክቱ የቅዱሳን መቃብሮች በዶማና በመጥረቢያ ሲፈርሱ፣ «ኑና መርምሩልን» ብሎ ወደ ሄግ የጻፈው ማን ነበር? ራሱ የማሊ መንግሥት ነው። ፍርድ ቤቱም ጥሪውን ሰምቶ መጣ። መቃብሮቹን ያስፈረሰው አህመድ አል ፋቂ አል ማህዲ በ2016 ጥፋቱን አምኖ 9 ዓመት ተፈረደበት፤ በማግስቱ ዓመትም ለተጎጂዎች የ2.7 ሚሊዮን ዩሮ ካሳ ተወሰነ። በ2024 ደግሞ በዚያችው ከተማ ሰዎችን በማሰቃየት ጥፋተኛ የተባለ ሌላ የታጣቂዎቹ ፖሊስ 10 ዓመት ተቀጣ። በገዛ ደብዳቤያቸው ጠርተው ያስገቡትን ዳኛ በአሥራ ሦስተኛው ዓመት «ቅኝ ገዢ» ማለት ክርክር አይደለም። ዓይን ያወጣ ክህደት ነው።

ማሊ ብቻም አይደለችም። ኡጋንዳ፣ ኮንጎ ዴሞክራቲክ ሪፐብሊክና መካከለኛው አፍሪካ ሪፐብሊክ ጉዳያቸውን በፈቃዳቸው ለፍርድ ቤቱ አቅርበዋል። ፍርድ ቤቱ የቆመበትን የሮምን ስምምነት ከዓለም አገሮች ሁሉ ቀድማ በ1999 ያጸደቀችው ሴኔጋል ናት። ለዘጠኝ ዓመት በዋና ዐቃቤ ሕግነት የመሩት ፋቱ ቤንሱዳ የጋምቢያ ሴት ናቸው። ይህ ሁሉ አፍሪካዊ እጅ የገባበትን ተቋም ለአውሮፓ አሳልፎ መስጠት አፍሪካን ማክበር ነው እንዴ?

ደግሞስ መሣሪያው የምዕራባውያን ከሆነ ባለቤቱ ለምን ይፈራዋል? በ2025 የካቲት ዋሽንግተን በዋና ዐቃቤ ሕጉ ላይ ማዕቀብ ጣለች፤ ሰኔ ላይ በአራት ዳኞች ደገመችው። ከአራቱ አንዷ ኡጋንዳዊት፣ አንዷ የቤኒን ሰው ናቸው። ነሐሴ ላይ ሴኔጋላዊው ምክትል ዐቃቤ ሕግ ተጨመሩ። የፍርድ ቤቱን ሥራ «ቅቡልነት የሌለው» ብሎ የፈረጀው የዋይት ሀውስ ትእዛዝና የሦስቱ ወታደራዊ መንግሥታት መግለጫ ጎን ለጎን ቢቀመጡ የቃላት ልዩነት እንጂ የሐሳብ ልዩነት አይገኝባቸውም። ቅኝ ገዢውም «ተገዢውም» በአንድ ዳኛ ላይ በአንድ ድምፅ የሚጮኹት ሁለቱም ዳኛ ስለማይፈልጉ ነው።

«አፍሪካውያንን ብቻ ያሳድዳል» የሚለው ክስ ድሮም ደካማ ነበር፤ አሁን ጨርሶ ሞቷል። በፑቲን ላይ በ2023፣ በኔታንያሁ ላይ በ2024 የእስር ማዘዣ ወጥቷል። የቀድሞው የፊሊፒንስ ፕሬዚዳንት ዱቴርቴ በ2025 መጋቢት ማኒላ ላይ ተይዘው ሄግ ገብተዋል። ማዘዣው ሁሉ አልተፈጸመም፣ አውቃለሁ። ሞንጎሊያ ፑቲንን ተቀብላ ሸኝታለች፤ አባል አገር ሆና ሳለ ያዥ የተባለችውን ሰው ምንጣፍ ዘርግታ ማስተናገዷ አሳፋሪ ነው። ግን ኃፍረቱ የሞንጎሊያ ነው። ዳኛ ፖሊስ የለውም፤ ያዙ ሲባል የሚይዙለት መንግሥታት ናቸው።

አንድ ነገር እቀበላለሁ። የጸጥታው ምክር ቤት ዳርፉርንና ሊቢያን ወደ ፍርድ ቤቱ ሲመራ ከአምስቱ ቋሚ አባላት ሦስቱ ራሳቸው ስምምነቱን ያልተቀበሉ አገሮች ነበሩ። ይህ ነውር ነው። ነውሩ ግን የምክር ቤቱ ነው፤ የአብዬን እከክ ወደ እምዬ ልክክ ካልሆነ በስተቀር ለዳኞቹ የሚሰጥ አይደለም።

ከሁሉ በላይ የሚያንገበግበኝ ግን «ራሳችንን በራሳችን እንዳኛለን» የሚለው ቃል ነው። ሦስቱ መንግሥታት አገር በቀል የሰላምና የፍትሕ ሥርዓት እናቆማለን ብለዋል። መልካም! እንግዲያው አገር በቀል የነበሩት ችሎቶች ምን እንደደረሰባቸው እንነጋገር።

የደቡባዊ አፍሪካ አገሮች ማኅበር ሳድክ ዊንድሆክ ላይ የራሱ ፍርድ ቤት ነበረው። ያቋቋሙት አፍሪካውያን፣ የተሾሙበት ዳኞች አፍሪካውያን፣ የሚመራበትም ውል የራሳቸው ነበር። በ2008 ኅዳር ይህ ችሎት ያለ ካሳና ያለ ይግባኝ መሬት መንጠቅ ሕገወጥ ነው ብሎ በዚምባብዌ መንግሥት ላይ ፈረደ። ሐራሬ አልፈጽምም አለች። መሪዎቹ ታዲያ ምን አደረጉ? እምቢ ያለውን መንግሥት መቅጣት ሲገባቸው ፍርድ ቤቱን ቀጡት። በ2010 ሥራውን አገዱት፤ በ2012 ማፑቶ ላይ ተሰብስበው ከእንግዲህ ተራ ሰው እንዳይከስበት፣ መንግሥት ከመንግሥት ጋር ብቻ እንዲካሰስበት ወሰኑ። «ከሳሾቹ ነጭ ገበሬዎች ነበሩ» የሚል መልስ ይመጣል። ይሁን። ግን በዚያ ውሳኔ በሩ የተዘጋው በነጭ ገበሬ ላይ ብቻ ነው? የቀጠናው ጥቁር ገበሬ፣ ጋዜጠኛ፣ እስረኛ ሁሉ አብሮ ተዘጋበት። የደቡብ አፍሪካ ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤት እንኳ የአገሪቱ ፕሬዚዳንት በዚህ ውስጥ መሳተፋቸው ሕገ መንግሥቱን የጣሰ ነው ሲል በ2018 በይኗል።

ወደ አሩሻ እንሂድ። የአፍሪካ የሰዎችና የሕዝቦች መብቶች ፍርድ ቤት የተመሠረተበት ፕሮቶኮል በ1998 የጸደቀው ኡጋዱጉ ላይ ነው፤ አዎን፣ በቡርኪና ፋሶ ዋና ከተማ። ግለሰብ በቀጥታ እንዲከስ የሚፈቅደውን መግለጫ ከሰጡት ጥቂት አገሮች ሩዋንዳ በ2016፣ ታንዛኒያ በ2019፣ ቤኒንና ኮት ዲቩዋር በ2020 ፈቃዳቸውን መልሰው ወሰዱ። ታንዛኒያ እንግዲህ ለፍርድ ቤቱ ቤት የሰጠች አገር ናት። ችሎቱ እዚያው አገር ተቀምጦ የአገሬው ሰው በቀጥታ አቤት ሊልበት አይችልም። ይህን የትኛው ቅኝ ገዢ አዘዘ?

የኢኳቶሪያል ጊኒዋ ማላቦስ? በ2014 እዚያ የተሰበሰቡት የአፍሪካ ኅብረት መሪዎች ከሄግ የሚያድነን የራሳችን የወንጀል ችሎት ብለው ፕሮቶኮል አጸደቁ። በሥልጣን ላይ ያለ ርእሰ ብሔርና ከፍተኛ ባለሥልጣን በዚያ ችሎት አይከሰስም የሚል አንቀጽ ግን አስገቡበት። ወደ ሥራ እንዲገባ የ15 አገሮች ማጽደቅ ይበቃው ነበር፤ ያ ቁጥር እስከ ዛሬ አልሞላም። ራሳቸውን ከክስ ነጻ ያወጡበትን ችሎት እንኳ ሊያቋቁሙት አልፈለጉም። ችግሩ የዳኛው ዜግነት ቢሆን ኖሮ ይህ ሁሉ አይሆንም ነበር። ችግሩ ዳኛው ዳኛ መሆኑ ነው።

የሮም ስምምነት ራሱ እኮ አገሮች በቅንነት ከመረመሩና ከከሰሱ ፍርድ ቤቱ ጣልቃ አይገባም ይላል። ማሊ ውስጥ ሙራ በምትባል መንደር በ2022 መጋቢት መጨረሻ ቢያንስ 500 ሰዎች በማሊ ወታደሮችና በውጭ አገር ተዋጊዎች መገደላቸውን የተባበሩት መንግሥታት የሰብዓዊ መብት ቢሮ ዘግቧል። ባማኮ አስተባብላለች። ማስተባበሉ እውነት ከሆነ በግልጽ ችሎት ይታይ፤ ሄግም ቤቱ ይቀመጣል። እነርሱ የመረጡት ግን መውጣትን ነው፤ ያውም «ከዛሬ ጀምሮ» ብለው፣ መውጣት የሚጸናው ከማሳወቂያው አንድ ዓመት በኋላ መሆኑን የፈረሙት ስምምነት በግልጽ እየነገራቸው። ጥድፊያው ከምን እንደሆነ ለመገመት ነቢይ መሆን አያስፈልግም።

አንድ ችሎት ቅቡልነቱን የሚያገኘው ተከሳሽ ሊሆን ከሚችል ገዢ ፈቃድ አይደለም። ሌላ የሚሄድበት ከሌለው ሰው ነው።

አንዲት የኒጀር ሴት ነበረች። በ12 ዓመቷ በ240,000 ሴፋ ፍራንክ ተሸጠች። ለገዛት ሰው ዘጠኝ ዓመት ያህል በባርነት አገለገለች፤ በመጨረሻ ነጻ መውጣቷን የሚገልጽ ወረቀት ሰጣት። የመረጠችውን ሰው ስታገባ ግን የቀድሞ ጌታዋ «ሚስቴ ናት» ብሎ ተነሣ። የአገሯ ፍርድ ቤት በሁለት ባል ወንጀል ስድስት ወር ፈርዶባት እስር ቤት አስገባት። የሰማት የምዕራብ አፍሪካ አገሮች ማኅበር፣ የኢኮዋስ ፍርድ ቤት ነው። በ2008 ዳኞቹ ከመቀመጫቸው ከአቡጃ ተነሥተው የኒጀር ዋና ከተማ ኒያሜ ድረስ መጥተው ምስክሮቿን አዳመጡ። በዚያው ዓመት ጥቅምት የኒጀር መንግሥት ከባርነት አልጠበቃትም ብለው 10 ሚሊዮን ሴፋ እንዲከፍላት ፈረዱ። አፍሪካውያን ዳኞች፣ በአፍሪካ ምድር፣ ለአንዲት አፍሪካዊት።

በ2023 ታኅሣሥ ይኸው ፍርድ ቤት ከሥልጣን የተወገዱት የኒጀር ፕሬዚዳንት ባዙም እንዲፈቱ ወሰነ፤ ኒያሜ አልሰማችም። በ2025 ጥር ሦስቱም አገሮች ከኢኮዋስ ወጡ፤ በመስከረም ደግሞ ከሄግ እንወጣለን አሉ። ነገ እንደዚያች ልጅ የምትሸጥ ሕፃን ብትኖር፣ የአገሯም ዳኛ ልክ እንደ በፊቱ ወደ እስር ቤት ቢመራት፣ በየትኛው በር ታንኳኳ? መጀመሪያ ይህን ይንገሩን። ስለ ቅኝ አገዛዝ ከዚያ በኋላ እንነጋገራለን።